ለአንድ የቀርከሃ ዘንግ ፈቃድ

ዘንጌን የወሰደብኝ የሐይቁ ጥበቃ ዓሣ ከመንጠቆ ማላቀቅ አይችልም። ይህን የምለው ስለተናደድኩ አይደለም፤ በዓይኔ አይቻለሁ። አንድ ጊዜ አምባዛ ላላቅቅ ብሎ በክንፏ እሾህ አውራ ጣቱን ተወግቶ ሐይቁ ዳር ያለውን ወፍ ሁሉ በጩኸቱ አስነሥቶታል። እንግዲህ ይህ ሰው ነው አንድ ቅዳሜ ጠዋት፣ ድንጋዬ ላይ ተቀምጬ ክሬን ገና ወደ ውኃው እንደ ጣልኩ፣ ከኋላዬ ቆሞ «አባቴ፣ ፈቃድ ያሳዩኝ» ያለኝ።

«የምን ፈቃድ?»

«የማጥመጃ ነዋ።»

«ስንት ዘመን እዚህ ስቀመጥ ዓሣው እንኳ ጠይቆኝ አያውቅም» አልኩት።

አልሳቀም። ቀልድ የማይገባው ሰው ደንብ ልብስ ሲለብስ እንዲህ ነው። ማስታወቂያው የሐይቁ መግቢያ በር ላይ ከተለጠፈ መቆየቱን፣ ከዚህ በኋላ ያለ ፈቃድ የሚያጠምድ ሰው መሣሪያው እንደሚወረስ፣ እኔንም ባለፈው ሳምንት አይቶ እንዳላየ እንዳለፈኝ ነገረኝ። ማስታወቂያውን አንብቤዋለሁ። ከላይ እስከ ታች ያነበብኩት እኔ ብቻ ሳልሆን አልቀርም። ነገር ግን ለእኔ የተጻፈ አልመሰለኝም። ሐይቁን በመረብ ለሚያራቁቱትና ትናንት መጥተው ዛሬ አጥማጅ ነን ለሚሉት የተጻፈ ነው ብዬ ነው ያለፍኩት። ሐኪም ቤት በር ላይ «ሕመምተኞች እዚህ ይጠብቁ» የሚል ተጽፎ ሐኪሙ ራሱ ወረፋ ይይዛል እንዴ?

ይህንኑ ብነግረው ዘንጌን ከእጄ ወሰደና ወደ መጋዘኑ ሄደ። ክሩ ከነመንጠቆው ሣሩ ላይ እየተጎተተ ተከተለው።

ዘንጉ ተራ ዘንግ አይደለም። ቀርከሃውን የመረጥኩት እኔ ነኝ፤ በእሳት እያሞቅሁ ያቀናሁት እኔ ነኝ፤ ክሩ የሚያልፍባቸውን ቀለበቶች ከጃንጥላ ሽቦ ያጠፍኳቸውም እኔው ነኝ። የክር መጠቅለያው ደግሞ ከአሮጌ የስፌት መኪና መዘውር የተሠራ ነው። መካኒሳ አቦ ቁጭ ብዬ ዕድሜዬን የስፌት መኪና ስጠግን ነው የኖርኩት። ይህንንም ሙያ ያስተማረኝ የለም። የተበላሸ መኪና ገዛሁ፣ ፈታሁት፣ መልሼ ገጠምኩት፣ ሰፋ። ቀጥሎ የጎረቤቱን ፈታሁ። ከዚያ በኋላ ሌላ ጠጋኝ ያልቻለው መኪና ሁሉ መጨረሻው እኔ ዘንድ ነበር። ዓሣውንም እንደዚያው ነው የተማርኩት፦ ውኃው ዳር ተቀምጬ፣ ማንንም ሳልጠይቅ። ያን ዘንግ የሚመስል በዚህ አገር ሁለተኛ የለም። ጠፍቶ ቢገኝ እንኳ የእኔ መሆኑን ለማወቅ ማየት አያስፈልግም፤ መዘውሩን አንዴ ማዞር ነው፤ ድምፁ የስፌት መኪና ድምፅ ነው።

ጥበቃው የጀመረውን ቤቴ ስደርስ ሚስቴ ጨረሰችው። በር ላይ ሆና ባዶ እጄን አየች።

«ዘንግህስ?»

«ተወረሰ።»

«ማን ወረሰው?»

«መንግሥት።»

«እሰይ! ሽሮዬ ተረፈ» አለች።

ይህች ሴት ለዓሣ ያላት ንቀት ከጥንትም ነው። በጾም ወቅት ዓሣ ይበላል አይበላም የሚለውን ክርክር እንደ ሊቅ ታነሳብኛለች፤ የንስሐ አባቷ እንደማይበላ ነግረዋታል። ጎረቤቶቻችን ግን በዐቢይ ጾም ቅዳሜ ማታ «እንዲያው ለልጆቹ» እያሉ ሰሐን ይዘው በጓሮ በር ሲመጡ ዓሣውን የምትሰጣቸው እሷው ናት። ሽሮዋ ለምን እንደሚጎድል ታውቃለች፤ በምን ዓይነት መንገድ ለዓሣ ምግብ እንደማደርገው ግን ለእሷም ነግሬ አላውቅም። ሰፈሩ ውስጥ ከሁሉም በላይ የሚፈለገው የእኔ ምስጢር እሱ ነው።

ሰኞ ጠዋት ወደ ወረዳችን ሄድኩ። ይህን የሰሙ አንዳንድ ሰዎች በኋላ ስቀውብኛል፤ ይሳቁ። የአዲስ አበባ ሰው ከሆንክ መኖርህን የሚመሰክርልህ ወረዳህ ነው፤ ማግባትህን የሚመሰክርልህ ወረዳህ ነው፤ ስትሞትም ልጆችህ ወረዳ ሄደው ካላስመዘገቡህ ሞትህ አይታመንም። ታዲያ ዓሣ ማጥመዴን የሚፈቅድልኝ ሌላ ማን ሊሆን ነው? ወረፋ ይዤ፣ ተራዬ ደርሶ፣ መስኮቱ ላይ ላለው ወጣት ነገሩን አስረዳሁት። እስክጨርስ በትዕግሥት ሰማኝ።

«አባባ፣ ዓሣው የት ነው የሚኖረው?» አለኝ።

«ሐይቅ ውስጥ ነዋ!»

«ሐይቁስ?»

የሐይቁን ስም ነገርኩት።

«እንግዲህ ነዋሪነቱ እዚያ ነው። ጉዳዩንም የሚጨርሰው የእሱ ወረዳ ነው።»

ከኋላዬ የተሰለፉት ሁሉ ሳቁ። መታወቂያ ሊያሳድስ የመጣ አንድ ጎረምሳ «አባባ፣ መልቀቂያ አጽፈውለት ያምጡት» ብሎ ጨመረበት። ልጁ ቀልደኛ ነው ብለው ነው መሰለኝ ወረፋው ላይ የነበሩት ሴቶች እስከ ደረጃው ድረስ እየሳቁ የሸኙኝ። እኔ ግን ከቀልዱ ውስጥ የሚፈለገውን አውጥቼ ወሰድኩ። ሌሎቹ ሲስቁ እኔ ተማርኩ። ፈቃድ የሚሰጠው ሰውዬው ባለበት ሳይሆን ውኃው ባለበት ነው። ይህን የማያውቁ ብዙ የአዲስ አበባ ሰዎች አሉ፤ እኔ ስጽፈው አንብበው ይወቁ።

በማግስቱ ከለቡ በሚኒባስ ተነሥቼ፣ ቃሊቲ ላይ ሌላ መኪና ለውጬ፣ ሐይቁ ያለበት ከተማ ደረስኩ። የዓሣ ሀብት ጉዳይ የምትሠራው አንዲት ወጣት ነበረች። ስለ ዓሣ ዩኒቨርሲቲ ገብታ እንደተማረች ግድግዳው ላይ የተሰቀለው ወረቀት ይናገራል። ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ምን ዓይነት ዓሣ እንዳለ ስለማላውቅ ልፈትናት ፈለግሁ።

«ልጄ፣ ክረምት ሲገባ አምባዛ ወዴት ትሄዳለች?»

«ውኃው ወደሚሞላው ሣር ውስጥ ነው አባባ፤ ጥልቀት ወደሌለው። እንቁላል ልትጥል» አለችኝ ቀና ሳትል።

ትክክል ነው። እኔ ይህን ለማወቅ ስንት ክረምት ጭቃ ውስጥ ቆሜያለሁ፤ እሷ ከመጽሐፍ አንብባ ነው የምትመልሰው። ከመጽሐፍ የመጣ ዕውቀት ጫማው አይረጥብም። ያም ሆኖ መልስ ስለሰጠች ወንበሩን ስቤ ተቀመጥኩ።

ደንቡን አንድ በአንድ ነገረችኝ፤ መቼም አነጋገሯ የጠራ ነው። ለመዝናናትና ለራሱ ማዕድ የሚያጠምድ ሰው ፈቃድ ከመረበኞቹ ፈቃድ የተለየ ነው። መረበኞቹ በማኅበር ተደራጅተው ይሸጣሉ፤ እኔ መሸጥ አልችልም። መታወቂያና ጉርድ ፎቶ ይቀርባል፣ ትንሽ ክፍያ አለው፣ በየዓመቱ ይታደሳል፣ ሌላ ውኃ ላይ አይሠራም። ዓሣው በሚራባበት ወቅት በተከለከሉት ቦታዎች መንጠቆ አይጣልም፤ ያልደረሰ ዓሣ ከተያዘ ወዲያው ወደ ውኃው ይመለሳል።

«ይህንን ደንብ ማን ነው ያወጣው?» አልኳት።

«ምነው አባባ?»

«እኔን ሳይጠይቅ ከእኔ ኮርጆታል። ትንንሾቹን ስመልስ አንቺ ገና አልተወለድሽም።»

ፈገግ አለችና እስክሪብቶዋን አነሣች። «እሺ፣ እንግዲህ የሚያጠምዱበትን መሣሪያ ላየው። ዓይነቱን አይቼ ነው ፈቃዱ ላይ የምጽፈው።»

«መሣሪያውማ እናንተ ጋ ነው።»

«እኛ ጋ?»

«ጥበቃው ወርሶታል።»

«ታዲያ ከጥበቃው ተቀብለው ያምጡታ።»

«ጥበቃው ፈቃድ ካላመጡ አልሰጥም ይላል።»

«አዎ፣ እሱ ትክክል ነው።»

«አንቺስ?»

ትንሽ አሰበች። «እኔም መሣሪያ ሳላይ መስጠት አልችልም» አለች። እንዲህ ስትል ራሷም የገባት መሰለኝ፤ ምክንያቱም እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። ስንት ዓመት ተምረው፣ ስንት ስብሰባ ተቀምጠው፣ ሁለት ብልህ ሰዎች አንድ በር ከውስጥም ከውጭም ቆልፈው ቁልፉን ውስጥ ረስተውታል። የስፌት መኪና እንዲህ ብትገጣጠም አንድ ስፌት አትሰፋም።

«ለምን ሌላ ዘንግ ይዘው አይመጡም? እሱን መዝግቤ ዛሬውኑ ልጨርስልዎት» አለችኝ። ለእኔ አዝና ነው።

«የሰው ዘንግ በስሜ አስመዝግቤ ምን ልሁን? ያኛውስ?»

«ያኛው... በወሩ መጨረሻ መጋዘኑ ይጸዳል። የተወረሰው መረብና መሣሪያ ሁሉ ሐይቁ ዳር ይቃጠላል። ለማስተማሪያ ነው።»

ዘንጌን ለማስተማሪያ! ማንን ነው የሚያስተምሩት? ያን ዘንግ አስቀምጠው በየትምህርት ቤቱ ቢያዞሩት ኖሮ ልጆቹ አንድ ነገር ይማሩ ነበር። የቀርከሃ ዘንግ እንደ ጭራሮ ነው የሚነድደው፤ ያ ሁሉ ድካም አንድ ጀበና ውኃ ሳይሞቅበት ያልቃል። ተነሥቼ መውጫው ላይ ስደርስ ከኋላዬ ጠራችኝ።

«አባባ፣ አንድ መንገድ አለ። በዚያው ዳር የሚያጠምዱ፣ ፈቃድ ያላቸው ሦስት ሰዎች መጥተው ‹መሣሪያው የእሳቸው ነው፤ በመንጠቆ እንጂ በመረብ አጥምደው አያውቁም› ብለው ከመሰከሩ፣ ሳላየው ልጽፍልዎት እችላለሁ። አለቃዬን አስፈቅዳለሁ።»

ሦስት ምስክር። እዚህ አገር መሬትም፣ ጋብቻም፣ ውርስም በሦስት ምስክር ነው፤ ዓሣም ደረሰበት። ደስ ብሎኝ ነበር፤ እስከ መናኸሪያው ድረስ። እዚያ ቁጭ ብዬ መኪናው እስኪሞላ ስጠብቅ ነው በእኔ ዳር ፈቃድ ያላቸው እነማን እንደሆኑ ያስታወስኩት።

ከብስራተ ገብርኤል የሚመጡ ሦስት ጎልማሶች ናቸው። አንዱ ረጅም ነው፣ አንዱ መነጽር ያደርጋል፣ ሦስተኛው አይናገርም። ሥራቸው ምን እንደሆነ ጠይቄ አላውቅም፤ ኮምፒዩተር ላይ የሚደረግ ነገር ነው። ቅዳሜ ቅዳሜ በአንዲት ትንሽ መኪና ይመጣሉ፤ ከዚያች መኪና ውስጥ የሚወጣው ዕቃ ግን የሠርግ ነው፦ የሚታጠፍ ወንበር፣ ጃንጥላ፣ የበረዶ ሣጥን፣ ኪሱ የበዛ ሰደርያ፣ ከውጭ የመጣ የሚያብረቀርቅ ዘንግ። ዓሣ ብቻ ነው የሚጎድላቸው። እኔ ድንጋዬ ላይ ተቀምጬ በቀርከሃ ቆሮሶ በቆሮሶ ላይ ሳወጣ፣ እነሱ የመንጠቆ ቀለም ይቀያይራሉ። ዝም ብዬ ማየቱን ተፈጥሮዬ አይፈቅድልኝም። «ዓሣው ሰደርያችሁን አይቶ ተነሥቶ ሰላምታ እየሰጠ ነው እንዴ?» እላቸዋለሁ። አንድ ቀን ረጅሙ ጣት የምታህል ዓሣ ይዞ በስልክ ፎቶ ሲነሳ «ቶሎ በል፣ እናቷ ትፈልጋታለች» ብዬው ዳሩ ሁሉ በሳቅ ወድቋል። ትክክል ነበርኩ፤ ዓሣዋ በእርግጥም ትንሽ ነበረች።

ሐሙስ ማታ ብስራተ ገብርኤል ቤተ ክርስቲያኑ አጠገብ የሚቀመጡባት ጭማቂ ቤት አለች፤ ደጋግመው ስለሚያወሩላት ዳሩ ላይ ያለ ሰው ሁሉ ያውቃታል። ከመካኒሳ በእግሬ ሄድኩ። ታክሲ አጥቼ አይደለም፤ ምን እንደምል ማሰብ ስለነበረብኝ ነው። ዕድሜዬን ማንንም ምንም ለምኜ አላውቅም። ገና ከበሩ ሳልገባ ረጅሙ አየኝ።

«ኧረ ፋዘር! ዛሬ ደግሞ እዚህ ምን ጣላቸው?»

«ዘንጋቸው ታስሮ ነዋ» አለ መነጽራሙ። «ዋስ ፍለጋ ነው።»

ነገሩ ከእኔ ቀድሞ ብስራተ ገብርኤል ደርሷል። ወንበር ሳቡልኝ፣ የአቮካዶ ጭማቂ አዘዙልኝ፤ በማንኪያ የሚበላ ነገር እየጠጣሁ ጉዳዬን ነገርኳቸው። አልለመንኩም። «ሕጉ ሦስት ሰው ይጠይቃል፤ እናንተ ደግሞ ሦስት ናችሁ» ነው ያልኩት።

«ፋዘር፣ እኛ እኮ አጥማጆች አይደለንም» አለ ረጅሙ። «ባለፈው ምን ነበር ያሉን? ‹የዓሣ ጎብኚዎች›።»

«ፈቃዱ አጥማጅ ይላችኋል። ከሕግ ጋር አልከራከርም።»

ሁለቱ ሳቁ። ዝምተኛው ግን ጭማቂውን አስቀምጦ፣ ከተዋወቅን ጀምሮ የመጀመሪያውን ቃል ተናገረ።

«ምግቡ ምንድን ነው?»

ሁሉም ወደ እኔ ዞሩ። መንጠቆ ላይ የማደርገውን ምግብ ማለቱ ነው። ስንት ሰው ጠይቆኛል፤ መረበኞቹ ሳይቀሩ አረቄ ጋብዘውኝ ጠይቀውኛል። አንዱ እንዲያውም ከድንጋዬ ሥር የወደቀውን ለቅሞ ሲያሸት ይዤዋለሁ።

«እንመሰክራለን» አለ ረጅሙ ቀስ ብሎ፣ «ምግቡን ካስተማሩን።»

«እና አንድ ቅዳሜ ሙሉ ሳይሰድቡን» አለ መነጽራሙ።

«ሙሉ ቀን?»

«ሙሉ ቀን።»

«እስከ ምሳ» አልኩ።

«ፋዘር፣ ዘንግዎት ይቃጠላል እኮ።»

«እሺ፣ ሙሉ ቀን» አልኩ፤ ስለ ምግቡ ግን ምንም አላልኩም። ራሴን ነቅንቄ ይሆናል። እነሱ እሺ ማለቴ መሰላቸው፤ ከተሳሳቱ ጥፋቱ የእኔ አይደለም ብዬ ወጣሁ።

በሚቀጥለው ሳምንት ረቡዕ ከሥራቸው ፈቃድ ወስደው በዚያች ትንሽ መኪና ይዘውኝ ሄዱ። ሐቁን ለመናገር፣ ምግቡን አስቀድመው ይንገሩን አላሉኝም። ይህ ሞኝነት ነው። እኔ በእነሱ ቦታ ብሆን የምግቡን አሠራር ቤንዚን ከመሙላቴ በፊት አስነግር ነበር። እስከ ቢሮው በር ድረስ ስለ እግር ኳስ እያወሩ ነው የነዱት።

የቢሮዋ ልጅ አንድ በአንድ አስቀመጠቻቸው። ረጅሙ ጀመረ።

«እኚህን ሰው ያውቋቸዋል?»

«በደንብ እናውቃቸዋለን። ቅዳሜ ቅዳሜ ይሰድቡናል።»

«ከማጥመድ ጋር በተያያዘ ማለቴ ነው።»

«እኔም እሱን ነው የምልሽ። በቀርከሃ ዘንግ ነው የሚያጠምዱት፤ መዘውሩ ድምፅ አለው። መረብ ይዘው አይተን አናውቅም። መረብ የያዘ ሰው ካዩማ እኛን ትተው እሱን ነው የሚሰድቡት። እኛ ዕረፍት የምናገኘው መረበኞች ሲመጡ ብቻ ነው።»

«ያልደረሰ ዓሣ ሲይዙስ?»

«ይመልሱታል» አለ መነጽራሙ ከጎን። «ግን ሰድበው ነው የሚመልሱት። ‹ሂድ፣ አድገህ ና፣ አንተ ዓሣ ተብለህ!› ይሉታል።»

ልጅቷ አፏን በእጇ ይዛ ጻፈች። ዝምተኛውን ስትጠይቀው «እውነት ነው» ብቻ አለ። ከሁሉም የሚበልጠው ምስክርነት እሱ ነበር፤ በጥቂት ቃል የሚናገር ሰው አከብራለሁ። ክፍያዬን ከፈልኩ፣ ጉርድ ፎቶዬን ሰጠሁ፣ ፈቃዱን ተቀበልኩ። «የቀርከሃ ዘንግ፣ በእጅ የተሠራ፣ አንድ መንጠቆ» ይላል። «በራሱ የተሠራ» ብለሽ አስተካክይው ብላት፣ የትኛው እጅ እንደሆነ ማን ይጠይቃል አለችኝ። ተውኳት።

ቅዳሜ ማለዳ ጥበቃው መጋዘኑን ከፈተልኝ። በእነዚያ የሚሸቱ የተወረሱ መረቦች መሃል ዘንጌን ስፈልገው አጣሁት። ለካስ ውጭ ነው። በሁለት ግድግዳ መካከል አጋድሞት የታጠበ ሸሚዙን ሰቅሎበታል!

«ይህ ምንድን ነው?» አልኩት።

«ዝም ብሎ ከሚቀመጥ ብዬ ነው አባቴ። እንጨቱ ጥሩ እንጨት ነው» አለኝ።

ዘንዶ የገደሉበትን ጦር የዶሮ ማባረሪያ ከሚያደርግ ሰው ጋር ምን ይወራል? ሸሚዙን አውርጄ ሰጠሁት። ሁለት ቀለበቶች ተጣምመው ነበር፤ ድንጋዬ ላይ ተቀምጬ በጥርሴና በፒንሳ አቀናኋቸው። መዘውሩን አንዴ አዞርኩት፤ ያው ድምፁ ነው። ቀና ስል ሦስቱም ወንበራቸውን ሳይዘረጉ ከፊቴ ቆመዋል። ዝምተኛው እጁ ላይ ባዶ ሰሐን ይዟል።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልናገር። በመንገድ ላይ ሳለሁ የምነግራቸውን አዘጋጅቼ ነበር። የጤፍ ዱቄትና ትንሽ ስኳር ልላቸው ነበር፤ ዓሣ የማይቀምሰው ነገር። እነሱ ዕድሜያቸውን ስኳር ለሐይቅ ሲያበሉ እኔ እየሳቅሁ እኖራለሁ። ሰሐኑን ይዘው እንደዚያ ቆመው ሳያቸው ግን ተናደድኩ። በእነሱ አይደለም። የሚደብቅ ሰው የሚደብቀው ሌላው እንዳይበልጠው ፈርቶ ነው። እኔ እነዚህን ልጆች ልፈራ? ሰደርያ ለባሾችን? ምግቡን ብሰጣቸውስ ምን ሊያመጡ?

«የሽሮ ዱቄት» አልኩ። «በቅመም ያልተበላሸ። አብሽ ተቆልቶ፣ ደቆ፣ ይጨመርበታል፤ ብዙ አይደለም። በውኃ አይለወስም።»

«በምንድን ነው ታዲያ?»

«በአብሲት።»

ረጅሙ «አብሲት ምንድን ነው?» ብሎ ጠየቀ። እንጀራ ሲበላ ኖሯል፤ እንጀራው ምን እንደሚጨመርበት አያውቅም። ከቡኮው ትንሽ ተወስዶ በፈላ ውኃ እንደ ገንፎ እንደሚበስል፣ ሽሮውን ይዞ ውኃ ውስጥ የማይበትነው እሱ እንደሆነ አስረዳሁት። የኮመጠጠው ሽታ አምባዛን ከሐይቁ ማዶ እንደሚጠራም ነገርኩት። ስድብ ስለተከለከልኩ ማስረዳቱ ረጅም ጊዜ ወሰደ። ከያዝኩት ላይ ቆርሼ ሰሐኑ ላይ አደረግሁላቸው። ዝምተኛው አሸተተውና ለመጀመሪያ ጊዜ ሲስቅ አየሁት።

ያን ቀን ዓሣ ያዙ። አልክድም። መነጽራሙ ቆሮሶ አወጣ፤ ዝምተኛው ሁለት አወጣ፤ ከእነሱ አንዷን ትንሽ ናት ብሎ ሳይነገረው መለሳት። እኔም የለመድኩትን ያህል ያዝኩ። ከሰዓት በኋላ ግን የረጅሙ ዘንግ ጎበጠ፤ ክሩ ጮኸ፤ እሱም ጮኸ።

«ፋዘር! ፋዘር! ምን ላድርግ?»

«አትጎትት! ልቀቅላት! ልቀቅ... አሁን ሰብስብ። ቀስ! ወንበሩን ተወው፣ ተነሥ!»

ስድቦቹ ምላሴ ጫፍ ላይ ደርሰው ነበር፤ ቃሌን ጠብቄ ዋጥኳቸው። ብዙ ታግሎ ወደ ዳር ሲያመጣት አምባዛ ናት፤ እኔ በዚያ ዳር ካወጣኋቸው አብዛኞቹ ትበልጣለች። ሁሉንም አላልኩም፤ አብዛኞቹን። እሾኋን እንዴት እንደሚይዝ አሳየሁት። ሳይወጋ አላቀቃት፤ ከጥበቃው ይሻላል።

ማምሻውን በሩ ላይ ጥበቃው መኪናዋን አስቆመ። ፈቃድ ጠየቀ። የእኔን ፈቃድ ቀድሜ አወጣሁና አልሰጠሁትም፤ ከርቀት ይዤ ድምፁን ከፍ አድርጎ እንዲያነብበው አደረግሁት። ሲያነብብ «በእጅ የተሠራ» የሚለው ጋ ሲደርስ ዘንጌን አየ፤ ጠዋት ከዘንጌ ላይ ያወረድኩለትን፣ አሁን የለበሰውን ሸሚዙንም አየ። ከዚያ የበረዶ ሣጥኑን ከፍቶ አምባዛዋን ሲያይ ወደ ኋላ ሸሸ፤ አውራ ጣቱን ሳያስታውስ አልቀረም።

«ይህቺን ማን ነው የያዛት?» አለ።

እኔ ልናገር አፌን ስከፍት ረጅሙ ቀደመኝ።

«የፋዘር ናት» አለ። «እኔ ዘንግ ብቻ ነው የያዝኩት።»

መነጽራሙ ሳቀ። እኔ አላረምኩትም። ልጁ ዕድሜውን ሙሉ ስለ ዓሣ የተናገረው ትክክለኛ ነገር ይህ ብቻ ነው፤ እውነት የተናገረን ሰው ደግሞ ምኑን አርመዋለሁ?